ከወለል በታች ሦስት ሩብ

ቢቸና ብየዳ ቤት በገባሁበት ዕለት ባለቤቱ ጋሼ ታምሩ የብረት መጋዝ ሰጡኝና «ጠመኔው የእኔ፣ መጋዙ ያንተ። ያሰመርኩበት ላይ ቁረጥ፤ አትጠይቅ» አሉኝ። የዚያ ቤት ሕግ ይኸው ነበር። እኔስ ፊደል ሳልለይ ምን ልጠይቅ?

ዓመታት ቆረጥኩ። መስመራቸውን ስቼ አላውቅም። ይኼን የምለው ልመጻደቅ ብዬ አይደለም፤ ኋላ ምን እንደተባልኩ እንድትሰሙልኝ ነው።

አንድ ቀን ሐጂ ሰዒድ የሚባሉ ነጋዴ ከሞጣ ደወሉ። ከሱቃቸው ጀርባ የውሃ ሮቶ ማቆሚያ ፈልገዋል። መሬቱ ከሱቁ ወለል በሦስት ሩብ ሜትር ዝቅ ይላል፤ የማቆሚያው ጫፍ ደግሞ ከወለሉ በሩብ ሜትር ከፍ ማለት አለበት። ጋሼ ታምሩ ወለሉን ዜሮ አሉና የብየዳ ቤቱ በር ላይ በጠመኔ ጻፉ፦ ጫፉ ሩብ፣ መሬቱ ማይነስ ሦስት ሩብ። የሚፈለገው የእግሩ ቁመት ነው። ማይነሷን አዩና «ቀንስ ማለቷ ነው» ብለው ከሦስት ሩቡ ላይ ሩቡን አነሱ። ግማሽ ሜትር! የቱቦላሬው ብረት ላይ አሰመሩ፤ አራቱንም እግር ቆረጥኩ።

ሞጣ ወስደን ስናቆመው ጫፉ ከወለሉ በታች ቀረ።

«ታምሩ፣ ይኼ የሮቶ ማቆሚያ ነው የዶሮ ቆጥ?» አሉ ሐጂ። «ውሃው ወደ ሱቄ ሽቅብ ሊወጣልኝ ነው?»

ጋሼ ታምሩ ዞረው አዩኝ። «ምን ላድርግ ሐጂ፣ መሃይም ቆራጭ ይዤ!»

የቆመው ሰው ሁሉ ሳቀ። ከዚያ ወዲያ ስሜ «ግማሽ» ሆነ። «ግማሽ፣ ብረቱን ያዝ!» «ግማሽ፣ ምሳህን ሙሉ ነው የምትበላ?» መጋዙንም ተቀማሁ፤ ዝገት ፋቂ ሆንኩ።

የጎልማሶች ትምህርት ያስገባኝ እልህ ነው። ፊደሉም፣ ቁጥሩም፣ ክፍልፋዩም ተራ በተራ መጣ። አንድ ቀን መምህርቷ «ኔጌቲቭ ሲቀነስ ይደመራል» ስትል ብድግ አልኩ።

«ለምን?»

«ሕጉ ነዋ፣ ጋሼ።»

«ሕግማ ብየዳ ቤትም አለ! ለምን?»

አልተቆጣችም። ጠመኔውን ዘረጋችልኝ። «እስቲ አንቱ በሚያውቁት ነገር ይሣሉት።»

ወለሉን አሰመርኩ፤ ዜሮ። ከታች መሬቱን፣ ከላይ ጫፉን። ከሩብ ላይ ማይነስ ሦስት ሩብ ስቀንስ ከመሬት እስከ ጫፍ መለካቴ ነው። እጄ ከመሬቱ ተነሥቶ ሦስት ሩብ ወጣ፤ ወለሉን አልፎ ሩብ ጨመረ። አንድ ሜትር። ሙሉ!

በማግስቱ ሠራተኛው ሁሉ እያየ ያንኑ በር ላይ ጻፍኩት። «አንድ ሜትር ነበር፣ ጋሼ።»

ከብየዳው ቀና እንኳ አላሉም። «አውቃለሁ። ያኔ ከሞጣ ስንመለስ መኪና ውስጥ ገብቶኛል።»

«ታዲያ ይኼን ሁሉ ዘመን?»

«እኔ ሐጂ ፊት ስም አለኝ። አንተ ምን ስም ነበረህና ይጠፋብሃል?»

ስም ነበረኝ። አድማሱ እባላለሁ።

መጋዝ ለያዛችሁ ልጆች የምለው ይኼን ነው፦ ሳትቆርጡ ዜሮው የት እንደሆነ ጠይቁ። ከዜሮ በታች ያለ ሲቀነስ ቁመት ይጨምራል። ጠመኔ የያዘ ሁሉ ይኼን አያውቅም፤ የሚያውቀውም አይነግራችሁም።