ከመጋረጃው ጀርባ ያሉ አራት ጉድጓዶች

ባለፈው ሳምንት፣ ሳን ሆዜ ቤታችን ጋራዥ ውስጥ ተጠቅልሎ የከረመ ምንጣፍ ስፈታ የእርጥብ ሱፍና የአሮጌ እንጨት ሽታ ፊቴን መታኝ። ወዲያው ትዝ ያለኝ አላሚዳ ደሴት ነው፤ የዐሥራ አምስት ዓመት ልጅ ሆኜ በካልሲ የቆምኩበት ቤት።

ያኔ የምንኖረው ኦክላንድ ነበር። እሑድ እሑድ ጉሙ ሳይገፈፍ በባሕሩ ሥር በሚያልፈው ዋሻ እንሻገርና፣ ደብራችን በተከራየው በቀድሞ የሜቶዲስት ፕሮቴስታንቶች ጸሎት ቤት እናስቀድስ ነበር። እኔ ነገር ካላነፈነፍኩ የማይሆንልኝ ልጅ ነበርኩ። ቅዳሴው ሲረዝምብኝ ሕንፃውን እመረምራለሁ። ግድግዳው ላይ የቀሩት የብሎን ቀዳዳዎች የትልልቅ መስታወቶች መሆናቸውን ደረስኩበት፤ ሜቶዲስቶቹ ከተበተኑ በኋላ ቤቱ የዳንስ ትምህርት ቤት ሆኖ ነበርና። የመዝሙር ቁጥር ይሰካበት የነበረው ሰሌዳ ከበሩ አጠገብ ቀርቷል። የኛ ሰዎች ጃንጥላ ያንጠለጥሉበታል።

የቀረውን ታሪክ ያገኘሁት ከአንዲት አሜሪካዊት ባልቴት ነው። ስንገባና ስንወጣ ከመንገዱ ማዶ ወንበር ላይ ተቀምጣ ታየን ነበር። አንድ ቀን ሄጄ ጠየቅኋት። ቤቱን የሠሩት የመርከብ አናጺዎች እንደነበሩ፣ ጣሪያው የተገለበጠ ጀልባ የሚመስለውም ለዚያ እንደሆነ ነገረችኝ። ከዚያ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ ወንድ ልጇ እዚያ ውስጥ ክርስትና እንደተነሣና በስድስተኛው ሳምንት እንደሞተ አወራችኝ። ልጇ የተጠመቀበት የድንጋይ ገንዳ የቆመበትን ቦታ አንድ ጊዜ ብቻ ማየት ትፈልጋለች። እኔም ማንንም ሳልጠይቅ፣ በሚቀጥለው እሑድ አስገባታለሁ ብዬ ቃል ገባሁላት።

መጣች። ጫማ እንደሚወለቅ ስነግራት ሳትከራከር አወለቀች። ቅዳሴው አልቆ ሰው ሲበተን ቦታው የት እንደነበር ጠየቅኋት። በጣቷ ያሳየችኝ መጋረጃውን ነው። ታቦቱ ያለበትን፣ ከካህናትና ከዲያቆናት በቀር ማንም የማይገባበትን መቅደስ።

ሮጬ ለእናቴ ነገርኳት።

"ሳትጠይቂ ቃል ትገቢያለሽ? ይሄ አፍሽ መቼ ነው የሚያርፈው?" አለችኝ።

አፈርኩ። ባልቴቷ ግን በካልሲዋ ቆማ ትጠብቀኛለች። ወደ ቄሱ ሄድኩ።

"ቀሲስ፣ ይቅርታ፣ ፕሮሚስ አድርጌላታለሁ" አልኩና ሁሉንም ነገርኳቸው።

"መግባትስ አትችልም፣ ልጄ" አሉኝ። ከዚያ ወደ መጋረጃው ዞር ብለው፣ "ገንዳው እግር ነበረው ወይ?" ሲሉ ጠየቁ።

እሷን ጠየቅኋት። አራት እግር ነበረው፤ ከባድ።

"እንግዲያው ንገሪያት። ወለሉ ላይ አራት ጉድጓዶች አሉ። በባዶ እግሬ ስለምቆም ምንጣፉ ላይ እንኳ ይሰሙኛል። የምን እንደሆኑ ግን እስከ ዛሬ አላውቅም ነበር።"

ስተረጉምላት እጇን ደረቷ ላይ አደረገች። ቄሱ ቀጠሉና የልጁን ስም እንድጠይቅላቸው አዘዙኝ። ነገረችን። ስሙ አልያዝ ብሏቸው ሦስት ጊዜ ደጋገሙት፤ እሷም በትዕግሥት አቃናችላቸው።

ደጃፉ ላይ ጫማዋን ስታጠልቅ፣ ባሏ ከሞተ ወዲህ ያን ስም የሚያውቅ ከእሷ ሌላ እንዳልነበረ ነገረችኝ። "አሁን ሦስት ሆንን" አለች።

ቄሱ መቅደሱ ውስጥ ሲቆሙ የልጁን ስም በጸሎት ያነሡት እንደሆነ አልጠየቅኋቸውም። ያቺ የማያገባት ነገር የሌለ ልጅ፣ ይህን መጠየቅ ግን ፈራች። በኋላ ደብሩ የራሱን ሕንፃ ገዛና ደሴቱን ለቀቅን። ባልቴቷ መሞቷን ከጎረቤቷ ሰማሁ። ቄሱም አምና ዐረፉ። የልጁን ስም አሁን የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ።