የአዛዡ አይብ

ሮድዮን ጎረቤቴ ነው፤ ቤታችን ግድግዳ ይጋራል። እዚህ ከሞስኮ ወጣ ባለው በጠፈርተኞች ሰፈር ጠፈር መውጣት ብርቅ አይደለም፤ ዳቦ ቤት ሰልፍ ላይ ከፊትም ከኋላም ጠፈርተኛ ነው። ሮድዮን የወጣው አንዴ ብቻ ነው፣ ከአዛዡ ከዴሚድ ሱሽኮቭ ጋር። ዴሚድ ሲሞት ሐውልት ቆመለት። ሮድዮን ደግሞ ስለ ዴሚድ ሲጠየቅ ኖረ።

ዘጋቢ ፊልም በተሠራ ቁጥር ይመጣሉ፤ ሜዳሊያ አስደርድረው ያስቀምጡታል። "ዴሚድ ምን ዓይነት ሰው ነበር?" "ደግ ሰው ነበር።" በቃ፣ አለቀ። አንዳንዴ ስሙን እንኳ አሳስተው ይጽፉታል፣ የተረገሙ!

ሮድዮንን ብቻዋን ያሳደገችው እናቱ ፌቅላ ናት። እሱ እላይ፣ ጠፈር ላይ ሳለ ሞተች። እላይ ላለ ሰው መርዶ አይነገርም፤ እጁ እንዳይንቀጠቀጥ ተብሎ የሰፈራችን ደንብ ነው። የነገሩት መሬት ከረገጠ በኋላ ነው። ሳያለቅስላት፣ አፈር ሳያለብሳት ቀረ። ሚስትም አላገባ። በግድግዳው በኩል የምሰማው ሳሉን ብቻ ነው፤ አንጀቴን ይበላኛል።

ባለፈው የበረዶ ወራት አንዲት ፊልም ሠሪ ልትመጣ ሆነ። ጠዋት ሮድዮን ጢሙን ተላጭቶ በሬን አንኳኳ።

"ታይሲያ፣ ዛሬ ስለ እናቴ እናገራለሁ። አንዴ ስሟ ቢጠራ ሌላ ምንም አልፈልግም። ነይ፣ አጠገቤ ተቀመጪ።"

"ቆይ እንግዲህ፣ ለእንግዶቹ አይብ ልያዝ።"

"ያዢ፤ ለኔ ግን እንዳታቀርቢ።"

"ጌታው አይብ አይነካም እኮ!" አልኩት። በዚህ ነገር ስተርበው ነው የኖርኩት።

ሴትዮዋም ያንኑ የዴሚድን ነገር ጠየቀችው። ጉሮሮውን ጠረገ።

"እላይ አይብ ብርቅ ነበር። አንድ ቀን ዴሚድ የራሱን ድርሻ ሰጠኝ፤ 'ብላ' አለኝ። ቆርቆሮውን ጠርጌ በላሁት፣ ቀለድኩበትም። ያን ቀን እዚህ እናቴን ፌቅላን እየቀበሯት ነበር። ዴሚድ ግን ተነግሮት ነበር።"

የያዝኩትን ሳህን የማስቀምጥበት አጣሁ። ቀብሯ ላይ ነበርኩ፤ የአይቡን ነገር ግን ገና መስማቴ ነው። ምላሴን በቆረጠው!

ፊልሙ የታየ ዕለት እሱ ቤት አብረን አየን። ኮቱን ለብሶ፣ ሜዳሊያውን አድርጎ ተቀምጧል። ተራው ደረሰና "ቆርቆሮውን ጠርጌ በላሁት፣ ቀለድኩበትም" ሲል ታየ። ሙዚቃ ገባ። የዴሚድ ሐውልት መጣ። ተራኪው ስለ አዛዡ ቸርነት ቀጠለ።

"ቆይ፣ ይመጣል" አለ ሮድዮን።

እስኪያልቅ ጠበቀ። አልመጣም።

"ያኔ ሞቷን ከኔ ደበቁ፤ አሁን ደግሞ እሷን ከሰው" አለኝ።

ቴሌቪዥኑን አጠፋሁት። "ፌቅላ" አልኩ ጮክ ብዬ።

ቀና አለና አየኝ። "እስቲ ድገሚልኝ" አለ።