ወደ ቀኝ አልዞርም ያለችው መኪና

ሰፈሩ ሁሉ የሚያውቀው «ቀስ በል» በሚል ስም ነው። መኪና መንዳት ሲያስተምር ጸጉሩ የሸበተ መምህር ነው። ከጠዋት እስከ ማታ ከአፉ ከሚወጣው ቃል ግማሹ «ቀስ በል»፣ ግማሹ «ቀስ በይ» ነው፤ በዕድሜ ለገፉ ተማሪዎች ደግሞ «ቀስ ይበሉ» ይላል። እናቱ ያወጣችለትን ስም የምታስታውሰው ሚስቱ ብቻ ናት። እሷም ብትሆን በዚያ ስም የምትጠራው ስትቆጣ ስለሆነ፣ ሰውየው ስሙን ሲሰማ ምን አጥፍቼ ይሆን ብሎ ይደነግጣል።

መኪናውም እንደ እሱ አጠር፣ ደልደል ያለችና ታጋሽ ናት። አራት ሰው ከገባባት አምስተኛው ከውጭ ሆኖ በሩን ገፍቶ ይዘጋል። በመምህሩ እግር ሥር ሁለተኛ ፍሬን አላት፤ በእሷ ምክንያት የመምህሩ ቀኝ ጫማ ሁልጊዜ ከግራው ቀድሞ ያልቃል። የግራ ፓራፋንጎዋ፣ ጎማውን ከላይ የሚሸፍነው ቆርቆሮ፣ ተማሪ ከግንብና ከበርሜል ጋር ሲያጋጨው ኖሮ ወደ ውስጥ ሰመጥ ብሎ ቀርቷል። ያም ሆኖ መንገድ ላይ ቆማበት አታውቅም።

ቀስ በል ለማንም ያልነገረው አንድ ምኞት ነበረው። ነገረ ሥራው ሁሉ የረጋ ሰው ቢሆንም የሚያብረቀርቅ ቸርኬ፣ ጎማው የሚለብሰው ክብ ብረት፣ ያላት መኪና ባለፈች ቁጥር አንገቱ አብሮ ይዞራል። ተማሪውን «ዓይንህን ከመንገድ አትንቀል» እያለ የራሱ ዓይን ከቸርኬው ጋር ይሄዳል።

ምኞቱን የሚያወጣበት ሰበብ ያገኘው በሲስተር እጅ ነው። ሲስተር ልጆቻቸው ካደጉላቸው በኋላ መንዳት ልማር ብለው የመጡ አዋላጅ ነርስ ናቸው። ማዋለጃ ክፍል ውስጥ ምድር ቢናወጥ እጃቸው አይናወጥም። መሪ ሲይዙ ግን ላብ በላብ ይሆናሉ። ስለዚህ መኪናዋን እንደ ወላድ ነው የሚያናግሯት። ዳገት ላይ «አይዞሽ የኔ እናት፣ ተንፍሺ፣ በርቺ፣ አሁን ግፊ» ይሏታል። ዳገቱ ሲያልቅ «ጎሽ» ብለው ዳሽቦርዱን ይደባብሳሉ።

አንድ ቀን ጠዋት መንገዱ መሃል አንዲት ርግብ ቆማ ፍርፋሪ ትለቅማለች። ሲስተር ርግቧን ላለመንካት መሪውን ጠመዘዙ። ቀስ በል ፍሬኑን ሳይደርስበት የፊት ጎማ ከእግረኛ መንገዱ ጠርዝ ጋር ተላተመ። መኪናዋ አንድ ጊዜ ዘለለችና ጎኗን ጣል አድርጋ ቆመች።

«ርግቧ ተረፈች?» አሉ ሲስተር ዓይናቸውን ሳይገልጡ።

«ርግቧስ ተርፋለች» አለ ቀስ በል።

የሰፈሩ ጎማ ጠጋኝ፣ ጎሚስታው፣ ጎማውን ፈታና ቸርኬውን መሬት ላይ አሽከረከረው። ቸርኬው እንደ ሰከረ ሰው እየተወላገደ ሄዶ ግድግዳ ሥር ወደቀ። «መጣመም ብቻ ቢሆን በመዶሻ እመልሰው ነበር» አለ ጎሚስታው፤ «ይሄ ግን ተሰንጥቋል፣ አየር አይይዝም። የወዲያኛውም የፊት ቸርኬ ድሮ ተቀጥቅጦ የተቃና ነው። ሁለቱንም ቢለውጡ ይሻላል መምህር። ብቻ ሲገዙ ልኩን ይጠይቁ። የብሎን ቀዳዳው ብዛት አለ፣ ከቀዳዳ እስከ ቀዳዳ ያለው ርቀት አለ፣ መሃል ለመሃል ያለው ትልቁ ቀዳዳ አለ፣ ቁመቱ፣ ስፋቱ፣ ወደ ውስጥ የሚገባበት መጠን...»

ቀስ በል እስከ «ርቀት አለ» ድረስ ሰማ። ከዚያ በኋላ ግን አንዲት ጥቁር መኪና በበሩ በኩል ስታልፍ ቸርኬዋ ፀሐይ መለሰ፣ የቀረው ምክር እዚያው ቀረ።

ጎሚስታው ስንጥቁን ለጊዜው ደፍኖለት፣ በዚያችው መኪና ዕቃ ሊገዛ የሄደው ከአማቹ ጋር ነው። አማቹ የሚስቱ ታናሽ ወንድም፣ ሥራው ጸጉር ቆራጭ ነው። ወንበሩ ላይ የተቀመጠ ሰው ሁሉ አንገቱ ምላጭ ሥር ስለሆነ ማንም ተከራክሮት አያውቅም፤ በዚህ የተነሳ ተሳስቶ የሚያውቅ አይመስለውም። «ቸርኬ ማለት ክብ ነገር ነው ጋሼ» አለ ገና መንገድ ላይ። «ክብ ከሆነ ይሽከረከራል። የቀረው ወሬ ነው።»

የአሮጌ መኪና ዕቃ የሚሸጥበት ግቢ ከበሩ እስከ ጓሮው በሮች፣ መቀመጫዎችና ቸርኬዎች ተቆልለውበታል። አማቹ መጀመሪያ ያነሳው ባለ አምስት ቀዳዳ ነበር። መኪናዋ ብሎኗ አራት ነው።

«አንድ ቀዳዳ ቢተርፍ ምን አለበት? መጠባበቂያ ይሆናል» አለ።

ሻጩ ተቀብሎት ወደ ቁልሉ መለሰው። ሁለተኛው ባለ አራት ቀዳዳ ነበር። ሲገጥሙት ሁለት ብሎን ገባ፣ ሦስተኛው አፋፉ ላይ ቆመ። አማቹ መዶሻ ሲጠይቅ ሻጩ መዶሻውን ከኋላው ደበቀ።

ሦስተኛው ላይ ቀስ በል ልቡ ጠፋ። እንደ መስተዋት የጠራ፣ ሰፋ፣ ከፍ ያለ፣ ከነጎማው አራት ሙሉ ቸርኬ ነው። ጎንበስ ብሎ ሲያየው የራሱን ሪዝ አየበት። አንዱን ገጠሙት፣ አራቱም ብሎኖች ገቡ።

«ይሄ ከዚችኛዋ ከፍ ካለች መኪና የወጣ ነው» አለ ሻጩ። «መግባቱ ገብቷል፤ መሪውን ዳር እስከ ዳር ጠምዝዘው ሳያዩት አይውሰዱ።»

«ገባ አይደል?» አለ አማቹ።

«ገባ» አለ ቀስ በል፣ ሪዙን ከቸርኬው ላይ ሳያነሳ። የድሮዎቹን አራቱንም እዚያው ጥሎ ሄደ።

ቤት ሲደርስ ሚስቱ መስኮት ላይ ነበረች። ሚስቱ ጫማ ሱቅ ውስጥ ሻጭ ናት፤ ሰው ከበር ሲገባ እግሩን እንጂ ፊቱን አታይም። መኪናዋን ከላይ እስከ ታች አየቻትና «የእህቷን ጫማ አድርጋ መጣች?» አለች።

«ያምራል አይደል?»

«ማማሩስ ያምራል። ቁጥሩን ጠይቀሃል?»

ቀስ በል ቸርኬ ቁጥር የለውም አላት። አለው እንጂ፤ ቸርኬው ላይ ተቀርጿል፣ እሱ የሪዙን መልክ ሲያይ አላየውም።

በማግሥቱ ብቻውን ወጣ። ቀጥታ ስትሄድ መኪናዋ እንደ ሙሽራ ናት። ወደ ግራ ስትዞርም እንደ ሐር ናት። ወደ ቀኝ ሲጠመዝዛት ግን ከሥር «ክርርርት» የሚል ድምፅ መጣ፣ ሰው በእንቅልፉ ጥርሱን እንደሚያፋጨው ያለ። ወርዶ አየ። የግራው ጎማ ሲጣመም ወጣ ብሎ ያንን የሰመጠውን ፓራፋንጎ ይፍቀዋል። ዙሪያውን ቃኝቶ የሰማ ሰው አለመኖሩን አረጋገጠና ገብቶ ተቀመጠ። ያን ጊዜ ነው ሐሳቡ የመጣለት፦ ወደ ቀኝ የማይዞር ሰው ድምፁን አይሰማም።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ትምህርቱ ሁሉ ወደ ግራ ሆነ። ወደ ቀኝ ያለ መንገድ ሲያስፈልግ ቀጥታ ያልፉትና አንዴ ወደ ግራ፣ ደግመው ወደ ግራ፣ ሠልሰው ወደ ግራ ዞረው ይደርሱበታል። አንድ ተማሪ የቤቱን መታጠፊያ ሦስት ጊዜ ከሩቅ ተሰናብቶ ሲያልፍ አላስችለው አለ።

«መምህር፣ ቀኝን የምንማረው መቼ ነው?»

«ቀኝ ከባድ ነው» አለ ቀስ በል፣ ፊቱ ሳይለወጥ። «በመጨረሻ ላይ ነው የሚመጣው።»

ተማሪዎቹ አመኑት። እንዲያውም ሲስተር በየቤቱ «ቀኝ ሲደርስ ምን እንደምሆን እንጃ» እያሉ ይጨነቁ ነበር።

ሌላም ጣጣ ነበረ፣ እሱ ያላወቀው። ጎማው ከፍ ሲል አንድ ዙር ሲሽከረከር የሚሸፍነው መንገድ ይረዝማል፤ የፍጥነት ቆጣሪው ግን ይሄንን አያውቅም። ስለዚህ ቆጣሪው ዝግ ብላችሁ ነው የምትሄዱት ሲል መኪናዋ ትበራለች። አንድ ከሰዓት በኋላ ቀስ በል ብቻውን ሲመለስ ትራፊክ ፖሊስ እጁን አነሳ። ፖሊሱ መስኮቱ ጋ ሲደርስ ሁለቱም ተያዩ። ከዓመታት በፊት ራሱ ያስተማረው ልጅ ነው።

«መምህር፣ እርስዎ ነዎት እንዴ?»

«እኔ ነኝ። ምን አጠፋሁ?»

«ፈጥነዋል።»

«እኔ?»

«እርስዎ።»

ቀስ በል ወደ ቆጣሪው ዞረ። ቆጣሪው እንደ ቆመ ሰዓት ዝም አለው። ፖሊሱ እስክሪብቶ አወጣ፣ አየው፣ መልሶ ኪሱ ከተተው። ይሄንን ሰው ለመቅጣት እጁ እንቢ አለው። ዝቅ ብሎ፣ ሌላ ሰው እንዳይሰማ፣ «ቀስ ይበሉ መምህር» ብሎ አሳለፈው።

ቀስ በል ያን ቀን እቤት እስኪገባ ጆሮው ይግል ነበር። ቢቀጣው ይሻለው ነበር። ያም ሆኖ ቸርኬውን አላነሳም፤ እንዲያውም ማታውን በጨርቅ ወልውሎት ተኛ።

የሲስተር የመንጃ ፈቃድ ፈተና ቀን ደረሰ። ፈተናው በራሷ በቀስ በል መኪና ነው። ፈታኙ ቀጭን፣ ከንፈሩን ገጥሞ የሚሄድ ሰውዬ ነበር። ቀስ በል በፈተናው ሜዳ አጥር ሥር ቆመ፤ ሙቀት ስለነበረ የመኪናዋ መስኮት ተከፍቷል፣ በአጠገቡ ባለፉ ቁጥር የሚሉትን ይሰማል።

«ዛፉ ጋ ሲደርሱ ወደ ቀኝ ይዙሩ» አለ ፈታኙ።

ሲስተር ምልክት አሳዩ፣ ዛፉን ቀጥታ አለፉት፣ ወደ ግራ ዞሩ፣ ሜዳውን ከበው ደግመው ወደ ግራ፣ ሠልሰው ወደ ግራ ዞሩና ዛፉ ጋ በተባለው በኩል ደረሱ። መንዳታቸው ውሃ የያዘ ብርጭቆ አያፈስም ነበር።

ፈታኙ ወደ ሲስተር ዞረ። «ቀኝ ነበር ያልኩት።»

«ደረስን እኮ» አሉ ሲስተር።

«ባንድ ጊዜ አይዞሩም?»

«ቀኝን ገና አልተማርንም። መምህር በመጨረሻ ላይ ነው ብለውናል።»

ፈታኙ አንገቱን በመስኮቱ አውጥቶ ቀስ በልን ፈለገው። ቀስ በል ፊቱን ወደ ዛፉ አዞረ፤ ዛፉ ላይ ግን የሚታይ ነገር አልነበረም።

«አሁን ይሞክሩት» አለ ፈታኙ።

ሲስተር መሪውን ወደ ቀኝ ጠመዘዙ። «አይዞሽ» አሏት መኪናዋን። «ክርርርት» አለች። «ተንፍሺ» አሏት። «ክርርርት» አለች ደግማ። ሲስተር መኪናዋን ዳር አስይዘው አቆሙ፣ የእጅ ፍሬን ሳቡ፣ ወርደው ጎማው ሥር ቁጢጥ አሉ። ሁለት ጣታቸውን በጎማውና በቆርቆሮው መካከል ሊያስገቡ ሞከሩ፣ እንቢ አላቸው። ላባቸው ያን ጊዜ ደረቀ፤ ሥራቸው ላይ ነበሩ።

«መምህር፣ እስኪ ይምጡ» አሉ።

ቀስ በል መጣ።

«ይሄ በዚህ በር አያልፍም። ልጁ ትልቅ ነው፣ በሩ ጠባብ ነው። በማማጥ የሚሆን አይደለም፤ ዝም ብለን እናታችንን አሠቃየናት። ይሄንን ነገር ማነው ያስገባባት?»

ቀስ በል ሊዋሽ አፉን ከፈተ። አማቼ ሊል ነበር። የሲስተር ዓይን ግን ብዙ የሚዋሹ አባቶችን ያየ ዓይን ነው። «እኔ ነኝ» አለ። «ቸርኬው አማረኝ።»

ከንፈሩን ገጥሞ የሚሄደው ፈታኝ ፊቱን ወደ ወረቀቱ አቀርቅሮ ትከሻው ሲንቀጠቀጥ ታየ። ጉሮሮውን ጠርጎ «ተማሪዋ ቀኝን ተምረው ይመለሱ» አለ። «መኪናዋ ግን ወድቃለች።»

ማታ ቤት ውስጥ ምክክር ሆነ። አማቹ ፓራፋንጎው ይቆረጥ አለ፤ «እንደ ጸጉር ነው ጋሼ፣ ዳር ዳሩን ብቻ እንከርክመው።» ሚስቱ መጀመሪያ የቀስ በልን እውነተኛ ስም ጠራች፣ ቀስ በልም ቀና ብሎ ተቀመጠ።

«ጫማ ሲጠብ እግር የሚቆርጥ ደንበኛ እስካሁን አላጋጠመኝም» አለች። «ነገ ሄደህ ልኳን አምጣላት።»

በማግሥቱ ቀስ በል ጎሚስታው ዘንድ ሄዶ ያኔ ያልሰማውን ምክር እንደገና ተቀበለ፤ በዚህ ጊዜ ጀርባውን ለመንገዱ ሰጥቶ ነው የሰማው። ከዚያ ብቻውን ወደ ግቢው ሄደ። ቁልሉን ሲያገላብጥ ሻጩ መጣ።

«ምን ልርዳዎት?»

«የራሴን ነው የምፈልገው» አለ ቀስ በል።

ሁለቱ የኋላ ቸርኬዎቹ ከነጭረታቸው ተገኙ። ለፊት የሚሆኑትን ለማግኘት አንዱን የራሱን እንደ ናሙና ይዞ ከሌሎች ጋር ፊት ለፊት እያጋጠመ አየ። አንደኛው ቀዳዳው ልክ ሆኖ መሃሉ ጠበበ። አንደኛው ሁሉ ነገሩ ልክ ሆኖ ወደ ውጭ ወጣ ያለ ነበር፤ «አንተንማ አውቅሃለሁ» ብሎ መለሰው። ጓሮ ውስጥ የሷው ዓይነት መኪና ጣሪያዋ ተጨራምቶ ቆማ ነበር። ከእሷ የወጡት ሁለቱ ግራጫ፣ ተራ የብረት ቸርኬዎች ናቸው። ሲገጥማቸው መሃላቸው መቀመጫው ላይ እንደ ክዳን ግጥም አለ። መሪውን ዳር እስከ ዳር ወደ ግራ፣ ከዚያ ትንፋሹን ይዞ ወደ ቀኝ ጠመዘዘ። ምንም ድምፅ የለም። ደግሞ ጠመዘዘ። ሻጩ «በቃዎት» እስኪለው ድረስ እየጠመዘዘ ተቀምጦ ነበር።

የሚያብረቀርቁትን አማቹ ወሰዳቸው። ጸጉር ቤቱ ግድግዳ ላይ ሰቅሏቸዋል፤ ደንበኛ ሲጠይቀው «ለማንኛዋም መኪና ይሆናሉ» እያለ እስከ ዛሬ ይናገራል።

ቀስ በል የቀረበት ዕዳ የተማሪዎቹ ነበር። ወደ ግራ ብቻ ያስተማራቸውን ሁሉ እየደወለ ጠራና፣ «ቀኝ ደርሷል» አላቸው። ሲስተር ከሁሉ ቀድመው መጡ፤ ይሄን ያህል የተፈራው ነገር ይሄ ብቻ ነው ወይ ብለው ሊያምኑ አልቻሉም፤ በሚቀጥለው ፈተናም አለፉ። ለሌሎቹ ደግሞ ትንሿ መኪና ሳምንቱን ሙሉ ሰፈሩን ወደ ቀኝ ብቻ ስትዞር ከረመች። ዓርብ ዕለት ያ የቤቱን መታጠፊያ የሚሰናበተው ተማሪ ከመኪናው ወርዶ ግድግዳ ደገፍ አለ።

«መምህር፣ ነገ እንኳን ቀጥታ ብቻ ብንሄድስ?»

ቀስ በል ራሱም ዞሮበት ነበርና እሺ አለ። በማግሥቱ ትልቁን መንገድ ይዘው፣ መስኮት ከፍተው፣ ቤቶቹ እስኪያልቁ ድረስ ቀጥታ ሄዱ።