ያልተገለጠው የጠረጴዛ ልብስ

ባልደረቦቹ «አቶ ለምን» ይሉታል። ሥራው በፍርድ የተሸነፉ ሰዎች ቤት እየሄደ ለጨረታ የሚቀርበውን ዕቃ መመዝገብ ነው። ግን ዕቃ ቆጥሮ ብቻ የሚወጣ ሰው አይደለም። የግድግዳው ሰዓት ለምን ቆመ? የቁም ሳጥኑ አንድ እግር ለምን በጡብ ተደገፈ? ሳይጠይቅ ከወጣ ሆዱን ይበላዋል። ሚስቱ «ጥያቄው አንድ ቀን ያልቅበታል ብዬ ነበር ያገባሁት» እያለች ትቀልድበታለች።

ሃያ ስድስት ዓመት መልስ ያጣለት ጥያቄ ግን አንድ ነበር። ሰዎች ዝርዝሩን ሲያዩ «ይግባኝ እንላለን!» እያሉ ይዝቱበታል። የበላይ ፍርድ ቤቱ ያለው ሁለት መንገድ ተሻግሮ ነው፤ እሱ ግን ረግጦት አያውቅም። እዚያ ወረቀቱን ምን ያደርጉታል?

ለወንድሟ ዋስ ሆና የተፈረደባት አንዲት ልብስ ሰፊ ይግባኝ ማለቷን ሲሰማ፣ የዕረፍት ቀን ጠይቆ ሄደና ኋላ ወንበር ላይ ተቀመጠ። ሕጉ ሰው ሠርቶ የሚያድርበትን መሣሪያ አይነካም። እሱም የስፌት መኪናዋን ትቶላት ነበር። ትልቁን ጠረጴዛ ግን «የምግብ ጠረጴዛ» ብሎ መዝግቦታል። እሷ ደግሞ ጨርቅ የምቆርጥበት ነው ትላለች። የሥር ፍርድ ቤት ዳኛዋም ዝርዝሩን አይተው አቤቱታዋን ጥለውባታል።

የመሀል ዳኛው የእሱን ጽሑፍ ጮክ ብለው አነበቡ። «ጠረጴዛው የምን እንደሆነ የሚያጣራው የሥር ፍርድ ቤት ነው። እኛ የምናየው ከሕግ መውጣት አለመውጣቱን ብቻ ነው» አሉ።

«ክቡር ዳኛ፣ መጥታችሁ ብታዩት እኮ…»

«እኛ የምንሄደው እስከ መዝገቡ ድረስ ነው፣ እህቴ» አሉና ይግባኙን ዘጉት።

አቶ ለምን ክው አለ። እሱ ቢሳሳት እንኳ ከበላዩ የሚያይ ሌላ ዓይን ያለ ይመስለው ነበር። ለካ ከበላዩ ያለው የገዛ ወረቀቱ ነው! ጨረታው ደግሞ ሐሙስ ነው፤ ሁለት ቀን ቀርቶታል።

በር ላይ ጠበቃት። «እህቴ፣ ያን ቀን ለምን አልነገርሽኝም?»

«ነግሬዎት ነበር እኮ ጋሼ። እርስዎ ዝም ብለው ጻፉ።»

የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም። አብሯት ቤቷ ሄደ። የጠረጴዛውን ልብስ ስትገልጠው ከሥሩ የመቀስ ጭረትና የጠመኔ ምልክት ታየ። በጠረጴዛው ጠርዝ ላይ ረጅም የብረት ማስመሪያ በምስማር ተመትቷል። ከአርባ እስከ ስልሳ ያሉት ቁጥሮች ጠፍተዋል።

«እነዚህ ለምን ጠፉ?»

«አውራ ጣቴ ነው የፋቃቸው።»

እሱም አውራ ጣቱን እዚያው ላይ አሳረፈ። መጀመሪያ ለምዝገባ የመጣ ዕለት ልጆቿ ምሳ ላይ ነበሩ፤ ሲገባ ማኘካቸውን ትተው አፈጠጡበት። ሁሉን የሚጠይቀው ሰውዬ አፈረና አንድም ነገር ሳይነካ፣ ቶሎ ጽፎ ወጣ። አሁንም ካፈርኩ አይመልሰኝ ብሎ ዝም ማለት ይችል ነበር፤ ይህን ስሕተት የሚያውቅበት አለቃ የለም። ነገሩ በእሱ እጅ ብቻ መቅረቱን ሲያስበው ግን ፈራ፤ ያን ያህል ፈርቶ አያውቅም።

በማግስቱ የሥር ዳኛዋ ፊት ቀርቦ የዝርዝሩን ማረሚያ ጽፎ ሰጠ። ወጣት ናቸው፤ ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበቡት።

«የበላይ ፍርድ ቤት ያላገኘውን እርስዎ በምን አገኙት?»

«እነሱ የሚያነቡት እኔን ነው፣ ክብርት ዳኛ። እኔ ደግሞ ጨርቁን አልገለጥኩም።»

ጠረጴዛው ከዝርዝሩ ተሰረዘ። ለአቶ ለምን የማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ተጻፈለት።

«ጡረታህ ሲደርስ የማይሆን ነገር ጠየቅህ አይደል?» ብሎ የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ ሳቀበት። አቶ ለምን አልሳቀም። ከመደርደሪያው የመጀመሪያ ዓመት ዝርዝሮቹን አውርዶ አቧራቸውን እያራገፈ ነበር። ከላይ ያለው ወረቀት በራሱ እጅ ጽሑፍ «አንድ ጠረጴዛ» ይላል።

የምን ጠረጴዛ? ቀና ብሎ የመዝገብ ቤቱን ሠራተኛ አየው። ከሃያ ስድስት ዓመት በኋላ ይህን የሚጠይቀው ሰው አጣ።