ግማሽ የቀረው ፀጉር

አጎቴ፣ የእናቴ ታናሽ ወንድም፣ ፀጉር አስተካካይ ነው። ሱቁ ጠባብ ነች፤ አንድ ወንበር፣ ጥጉ የተሰነጠቀ መስታወትና ተራ የሚጠበቅበት አግዳሚ አላት። ተራ ላይ ቀልድ አያውቅም። ሚኒስትርም ቢመጣ አግዳሚው ላይ ይቀመጣል ይላል። ሚኒስትር መጥቶ ግን አያውቅም።

አንድ ቀን ጎረቤታችንን ሾፌሩን እያስተካከለ ነበር። ቀኙን ጨርሶ ወደ ግራ ሲዞር አንድ ወጣት ፖሊስ ገባና ሾፌሩን "ተነስ፣ እቸኩላለሁ" አለው።

"ተራ አለ ወንድሜ፣ አረፍ በል" አለው አጎቴ።

ፖሊሱ አጎቴን በጥፊ አጮለው። እጁን ጠምዝዞ፣ ሽርጡን እንኳን ሳያስወልቀው፣ ሰው ሁሉ እያየ እየጎተተ ወሰደው። ጣቢያ አሳድረውት ጠዋት ያለምንም ክስ ለቀቁት። ሾፌሩም ግማሽ ፀጉሩን ይዞ ቀረ።

እናቴ ያበጠ ጉንጩን በእርጥብ ፎጣ እየያዘች "ተወው በናትህ፣ እነሱን ማን ይችላቸዋል?" አለችው።

"እኔ እችላቸዋለሁ መች አልኩ? ፍርድ ቤት ይቻላቸው።"

መጀመሪያ ለጣቢያው አመለከተ። "እናየዋለን" ብለው ዝም አሉት። ከዛ ፍርድ ቤት ሄደ። ካሳ አልጠየቀም። ፖሊሱ በዲሲፕሊን እንዲጠየቅ ፍርድ ቤቱ ይዘዝልኝ፣ ሌላ አልፈልግም አለ።

ይሄን ጊዜ የጣቢያው አዛዥ ራሱ ሱቅ መጣ። ብልጥ ሰው ነው፣ ተራውን ጠብቆ ወንበሩ ላይ ተቀመጠ።

"ጋሼ፣ ልጅ ነው፣ ተሳስቷል። ቢሮዬ ጠርቼው ይቅርታ ይጠይቅዎትና በዚሁ ይለፍ።"

"ሲመታኝ ሰው ፊት ነው። ይቅርታው ለምን በር ተዘግቶ ይሆናል?"

"እኛ እኮ ነገም እዚሁ ሰፈር ነን።"

"እኔም የትም አልሄድ" አለና አንገቱን በብሩሽ ጠረገለት። "ጨርሻለሁ። ባለተራ!"

አጎቴ ነገሩ ፍርድ ሳያገኝ የሾፌሩን ፀጉር አልጨርስም አለ። ሾፌሩ ሌላ ጋ ሄዶ መጨረስ ይችል ነበር። አልሄደም፤ ኮፍያ ገዛ። ፀጉሩ ቢያድግም አንዱ ወገን ካንዱ እንደበለጠ ነበር።

"ሚስቴ አብራኝ መንገድ መሄድ ተወች" አለው አጎቴን። "ቆይ፣ እኔ ምስክር ነኝ ወይስ ማስረጃ?"

"ሁለቱም ነህ፣ ታገስ።"

ቀጠሮው ደረሰ። ፖሊሱ ዳኛዋ ፊት ቆሞ "መንገድ ላይ ሲረብሽ ነው የያዝኩት" አለ። እናቴ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ "ውሸታም" አለች። ሾፌሩ ለምስክርነት ሲጠራ በር ላይ ያለው ጠባቂ ኮፍያውን እንዲያወልቅ ነገረው። አወለቀ። ችሎቱ በሳቅ ሞላ፣ ዳኛዋ ጠረጴዛውን መታ መታ አደረጉ።

"ምንድነው ይሄ?"

"ክብርት ዳኛ፣ ሲረብሽ የነበረው እዚህ ላይ ነው" አለ ሾፌሩ ራሱን እያሳየ። "ግማሽ ላይ ደርሶ ወሰዱብኝ።"

ፖሊሱ ጫማውን ማየት ጀመረ። ከሾፌሩ ቀጥሎ ያን ቀን ሱቁ አግዳሚ ላይ ተራ ሲጠብቁ የነበሩት ሰዎችም ገብተው ያዩትን መሰከሩ። ዳኛዋ የፖሊስ መምሪያው ፖሊሱን በዲሲፕሊን ጉባኤ አቅርቦ ውጤቱን ለፍርድ ቤቱ እንዲያሳውቅ አዘዙ።

ከችሎት በቀጥታ ሱቅ ሄድን። አጎቴ ሽርጡን አጥልቆ ግራውን አስተካከለ። ከጆሮ ኋላ ግን አንድ ቁንጮ ተወ።

"ይቺስ?" አለ ሾፌሩ በመስታወቱ እያየ።

"ይጠየቅ ተባለ እንጂ ተቀጣ መች ተባለ?"

"ባይቀጡትስ?"

"ተመልሼ ዳኛዋ ጋ እሄዳለሁ።"

"እሺ፣ እኔስ?"

"አንተ ኮፍያህን እንዳትጥላት።"