የነጩ በሬ ቀንድ

ካዛንቺስ ካለው ቢሮ፣ ወለል ስወለውል ነው ፖሊሶች የወሰዱኝ። እጄ ገና አልደረቀም ነበር። የእስር ክፍሉ ውስጥ ሲያስገቡኝ መጀመሪያ ያየሁት ከበሩ ሥር የሚገባውን ቀጭን ብርሃን ነው። ጫማ ባለፈ ቁጥር ይቋረጣል።

አሠሪዬ የጎረቤት አገር ሕዝቦችን ባህል በካሜራ የሚቀርጽ ሰው ነበር። እኔ አጸዳለታለሁ፤ እስከ ስድስተኛ ክፍል ስለተማርኩ ካሴቶቹ ላይም ርዕስ እጽፋለሁ። በመጨረሻው ካሴት ከደቡብ ሱዳን ጦርነት ሸሽተው ቂርቆስ ቤት የተከራዩ ሦስት የዲንካ ወጣቶች ይጨፍራሉ። ስማቸውንም ቤታቸውንም አውቃለሁ። አሠሪዬ ያን ሳምንት ክፍለ ሀገር ስለነበር የምጠየቀው እኔ ብቻ ነበርኩ።

ዱላ እፈራለሁ። ከዱላው ይበልጥ ግን አፌን ፈራሁት። በእንቅልፌ ስማቸውን እንዳልጠራ የነጠላዬን ጫፍ ነክሼ እተኛ ነበር።

አብራኝ የታሰረችው ሴት፣ ሜክሲኮ አካባቢ ልብስ ቸርቻሪ፣ ትስቅብኛለች። «አንቺ ልጅ፣ ስምሽን እንኳ እስክትነግሪኝ ሁለት ቀን ፈጀብሽ። ከማን ጋር ነው ፖለቲካ ያወራሽው?»

በሦስተኛው ቀን ጠዋት መርማሪው ጠራኝና ካሴቱን በትንሽ ቴሌቪዥን ከፈተው። ወጣቶቹ ሁለት እጃቸውን ወደ ላይ ዘርግተው ይዘላሉ።

«ይሄ የምን ምልክት ነው? የምን ስልጠና ነው?»

«ጭፈራ ነው። እጃቸው... የበሬ ቀንድ ነው።»

«የምን በሬ?»

«እያንዳንዱ የሚወደው በሬ አለው። የእሱን ቀንድ ነው በእጁ የሚያሳየው።»

«እስኪ አሳዪኝ።»

በአጎቴ ሰርግ እንኳ ጥግ ይዤ የተቀመጥኩ ሰው ነኝ። ግን ተነሳሁ። እጆቼን ዘረጋሁ፤ ባለ ነጭ በሬው እንደሚያደርገው የግራውን ወደ ውስጥ ጎበጥ አድርጌ ሦስቴ ዘለልኩ። በሩ ላይ የቆመው ፖሊስ ሳቀ። መርማሪውም ሳቀ።

«በይ እሺ፣ ስማቸውስ?»

«በበሬያቸው ነው የሚጠራሩት። ነጩ፣ ቡሬው፣ ዳልቻው።»

ይህም እውነት ነበር። ዋናውን ስማቸውን ግን ዋጥኩት። መርማሪው ጻፈ።

«ኧረ እስኪ ድገሚልን!» አለ ፖሊሱ።

እጆቼን ነጠላዬ ውስጥ ከተትኩ። «አልደግምም። የሚጨፈረው ለሚወዱት በሬ ነው፤ ለመሳቂያ አይደለም።»

ድምፄን ስሰማው እኔው ደነገጥኩ። መርማሪው ትንሽ አየኝና «ውሰዳት» አለ።

ከጥቂት ቀን በኋላ ስፈታ በቀጥታ ቂርቆስ ሄድኩ። ቤቱ ባዶ ነበር። «ባለፈው ሳምንት ሻንጣቸውን ይዘው ወጡ፤ ማንም መጥቶ የጠየቀኝ የለም» አሉኝ አከራያቸው። ደጃፉ ላይ ተቀመጥኩ።

ካሴቱ አልተመለሰም። ዛሬም መጋረጃ ልሰቅል እጆቼን ሳነሳ፣ የግራው ሳላዘው ጎበጥ ይላል።