ሃሲብ በሰው ድምፅ

ጎረቤቴ ኡም ኤሊያስ አላስቀምጥ ብሏቸዋል። ይነሳሉ፣ መስኮት ይከፍታሉ፣ ይዘጋሉ፣ ተመልሰው ይቀመጣሉ። እኔም ያው ነኝ፤ ኮምፒውተሩ የኔ፣ ጣጣውም የኔ።

ባላቸው ሃሲብ ዓሣ አጥማጅ ነበር። በጎረምሳነቱ እዚሁ ጢሮስ ወደብ ላይ ፊልም ሲቀረጽ፣ መረብ እየጠገነ አንድ ነገር ተናግሯል። ከሞተ ወዲህ ፎቶው በየግድግዳው አለ፤ ድምፁ ግን የትም የለም። ኡም ኤሊያስም «ድምፁ ከጆሮዬ እየጠፋብኝ ነው» ማለት ከጀመሩ ሰነበቱ።

ፊልሙን ያገኘሁት ቤይሩት ያሉ ጥቂት የፊልም እብዶች ኢንተርኔት ላይ በከፈቱት ፊልም ቤት ነው። ትልልቆቹ ዞር ብለው የማያዩትን እነሱ ከየጓዳው ለቅመው ያሳያሉ፤ እጃቸው ይባረክ! ግን ምን ያደርጋል፣ በየደቂቃው ቀጥ ይላል። የማሳያ ፈቃዳቸውም አጭር ስለሆነ ወር ሲያልቅ ያነሱታል። የዚህኛው የመጨረሻ ቀን ዛሬ ነው። የሰፈሩ ጄኔሬተር ደግሞ መቼ እንደሚጠፋ ባለቤቱም አያውቅም።

«አንቺ ልጅ፣ አሁንም ይዞራል እኮ!» አሉ፣ ስክሪኑ ላይ የምትሽከረከረውን ክብ እያዩ።

«ታዲያ እኔ ልግፋት እንዴ፣ ኡም ኤሊያስ? ትንሽ ይታገሱ እንጂ!»

በስንት መከራ ሃሲብ ብቅ አለ። ቀጭን፣ ጸጉረ ብዙ። አፉን ከፈተ፤ «ባሕሩ ዛሬ ተቆጥቷል» የሚል ለስላሳ ድምፅ ወጣ።

ኡም ኤሊያስ ክው አሉ። «ይሄ እሱ አይደለም።»

«እንዴት አይደለም? ያውና! ድምፁ ያኔ በጎረምሳነቱ እንዲህ ይሆናላ።»

«ፊቱ የሱ ነው። ድምፁ የሌላ ነው። የጢሮስ ዓሣ አጥማጅ እንዲህ ተሞላቅቆ ይናገራል?»

ለካ በሌላ ሰው ድምፅ ተክተውታል! ንድድ አልኩ። ልዘጋው እጄን ስሰድ ያዙኝ።

«ተዪ! መልሺልኝ። ድምፁን አጥፊው።»

መለስኩት። ያቺ የተረገመች ክብ እንደገና መጣች፤ ሃሲብ አፉን እንደከፈተ ቆመ። ትንሽ ሄደ፤ ቆመ። ኡም ኤሊያስ ተጠግተው ከንፈሩን በከንፈራቸው ተከተሉት።

«ኢን... ሳፍ።»

ኢንሳፍ የገዛ ስማቸው ነው። ኤሊያስን ከወለዱ ወዲህ ሰው ሁሉ ኡም ኤሊያስ፣ የኤሊያስ እናት፣ ነው የሚላቸው፤ በዚህ ስም የሚጠራቸው ሃሲብ ብቻ ነበር።

«ኢንሳፍ፣ ከፀሐይ ዞር በይ!» ብለው እየሳቁ እንባቸው ወረደ። «ያኔ እጮኛው ነኝ፤ ምሳውን ይዤ ከካሜራው ጀርባ ቆሜያለሁ። ስለ ባሕር ተናገር ሲሉት እኔን ይጣራል! ዳይሬክተሩ ጸጉሩን ነጨ። እንዴት ይሄን ረሳሁት?»

ጄኔሬተሩ ጠፋ። ስክሪኑ ጠቆረ። በቃ፣ አለቀ ብዬ ጭንቅላቴን ያዝኩ።

እሳቸው ግን አላዩኝም። ድምፃቸውን አጎርንነው፣ ከጉሮሮ ቆረጥ እያደረጉ ደገሙት፦ «ኢንሳፍ፣ ከፀሐይ ዞር በይ!»

ሃሲብን ዕድሜዬን ሙሉ በግድግዳው በኩል ስሰማው ነው ያደግኩት። ራሱ ነበር።